«ማን ሞቶ ነው?»

የመጀመሪያውን ቅርፅ ሰፈራችን መታጠፊያ ላይ ባቆምን ቀን አንዲት እናት ነጠላቸውን እያስተካከሉ ወደ እኔ መጡ። ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው «ማን ሞቶ ነው ልጄ?» አሉኝ።

ማንም አልሞተም አልኳቸው።

«ታዲያ ሐውልቱ ለማን ነው?»

ስለ ዘመናዊ ሥነ ጥበብ ብዙ ተናገርኩ። በትዕግሥት ሰሙኝና «እግዚአብሔር ያበርታችሁ» ብለው ሄዱ። መልስ እንዳላገኙ ፊታቸው ላይ ያስታውቅ ነበር። ይኸው ዘንድሮ የመንገድ ላይ የቅርፃ ቅርፅ ኤግዚቢሽናችንን አራተኛ ዙር እያዘጋጀን ነው። ከተማርኩት ሁሉ ግን የዚያን ቀን ጥያቄ ያህል የጠቀመኝ የለም።

የምኖረው ሀዋሳ ነው፤ ከገብርኤል ወደ ፍቅር ሐይቅ ከሚወስደው አስፋልት ገባ ብሎ፣ ኮብልስቶን በለበሰ ሰፈር። ቅርፃ ቅርፅ የተማርኩት አዲስ አበባ፣ አለ የሥነ ጥበብ ትምህርት ቤት ነው። እንጀራዬ ግን የግቢ በርና የመስኮት ፍርግርግ መበየድ ነው። እኔና ሦስት ጓደኞቼ ሥራችንን የምናሳይበት አዳራሽ ፈልገን አጣን። ቢገኝም የሰፈራችን ሰው ደፍሮ እንደማይገባ እናውቃለን። ስለዚህ መንገድ ላይ እናውጣው ተባባልን።

ልብ የሰጠን የጀርመኗ ሙንስተር ታሪክ ነው። እዚያ እ.ኤ.አ. ከ1977 ጀምሮ በየ10 ዓመቱ ቅርፃ ቅርፅ በየመንገዱና በየመናፈሻው ይቆማል። መነሻው ጠብ ነው። አንድ አሜሪካዊ የሠራው፣ በንፋስ የሚዞር የብረት ቅርፅ ከተማዋ ውስጥ ሊቆም ሲል ሕዝቡ ተቆጣ። ያንን ቁጣ ተከትሎ ነው ነገሩ የተጀመረው። እኛ 10 ዓመት የምንጠብቅበት ትዕግሥት አልነበረንም። በየዓመቱ በጥር እንዲሆን ወሰንን። ጥር ደረቅ ነው፤ ከተማውም እንግዳ ይበዛበታል። ታቦት የሚያልፍበት መንገድ ላይ ግን ምንም አናቆምም።

ፈቃድ ለማግኘት አንድ ወር ተመላለስን። ደብዳቤያችን ላይ «ሐውልት» ብለን ጽፈን ስለነበር ከአንዱ ቢሮ ወደ ሌላው ስንላክ ከረምን። በመጨረሻ አንድ ቅን ሠራተኛ «ጊዜያዊ ኤግዚቢሽን በሉት» ብሎ መከረን። በሳምንቱ ማህተም ተመታልን። ለሚጀምር ሰው የምመክረው ይህችን «ጊዜያዊ» የምትል ቃል እንዳይረሳ ነው።

የመጀመሪያው ዓመት ጥሩ አልነበረም። 7 ሥራ አቆምን። መሠረቱን ሐሙስ ሞልተን ቅዳሜ ቅርፁን ጫንንበት። ከሰዓት በኋላ ከሐይቁ የሚነሳው ንፋስ ሲገፋው በሦስተኛው ቀን ትልቁ ሥራ ዘመም አለ። በር ስበይድ ስለኖርኩ ብረት አውቃለሁ፤ ኮንክሪት ግን ንቄ ነበር። ኮንክሪት ቢያንስ 7 ቀን ውሃ መጠጣት አለበት። ጉልበቱን በደንብ የሚያገኘው 28 ቀን ገደማ ሲሞላው ነው። አሁን መሠረት የምንሞላው በኅዳር ነው።

በዘጠነኛው ሌሊት ደግሞ ከላሜራና ከቱቦላሬ የተሠራው የጓደኛዬ ሥራ ጠፋ። ጠዋት ስንመጣ የተቆረጡ ብሎኖች ብቻ ቀርተዋል። ለእኛ የስድስት ወር ድካም ነው፤ ለወሰደው ሰው በኪሎ የሚሸጥ ብረት ነው። ዘበኛ እንቅጠር ብለን ተመካከርን፤ አቅሙ አልነበረንም። በጣም ያመመኝ ግን ሌላ ነገር ነው። ብረቱ ሲቆረጥ መንገዱን ሁሉ የሚያነቃ ድምፅ አለው። አንድም ሰው አልወጣም። ለምን ይወጣል? የማን እንደሆነ የሚያውቅ አልነበረማ።

ያኔ ነው የእናታችን ጥያቄ የተመለሰብኝ። ለማን ነው?

በዚያው ክረምት ወደ ጌዴኦ ወረድን። ዲላ ከእኛ ወደ ደቡብ 90 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው፤ ከዚያ ትንሽ አለፍ ሲሉ ቱቱ ፈላ ላይ ፊት የተቀረጸባቸው ትክል ድንጋዮች ቆመዋል። የጌዴኦ ባህላዊ መልክዓ ምድር በመስከረም 2016 በዩኔስኮ ዓለም አቀፍ ቅርስነት ተመዝግቧል። እነዚያ ድንጋዮች የመቃብር ምልክቶች ናቸው። የኮንሶ ዋካም ጀግና ሲሞት ከእንጨት የሚጠረብ ነው። አዲስ አበባ ያሉትን የአቡነ ጴጥሮስንና የየካቲት 12ን ሐውልት አስቡ። በአገራችን የቆመ ቅርፅ ባለቤት አለው። እናታችን ስለ ሥነ ጥበብ ሳያውቁ ቀርተው አልነበረም የጠየቁኝ። ሳናውቅ የቆምነው እኛ ነበርን።

ከሁለተኛው ዙር ጀምሮ አሠራራችንን ገለበጥነው። መጀመሪያ ቦታ፣ ከዚያ ሰው፣ ከዚያ ቅርፅ። በነሐሴ ከበር በር እየዞርን «እዚህ ፊት ለፊታችሁ አንድ ነገር ልናቆም ነው፤ ምን ይሁን?» ብለን ጠየቅን። መታጠፊያው ላይ ጀበና ቡና የምትሸጠው እህታችን ሳታቅማማ «ጥላ» አለች። ከሰባት ሰዓት በኋላ ፀሐይዋ ደንበኞቿን ታባርርባታለች። ከባጃጅ ስፕሪንግና ከብስክሌት ሰንሰለት አባ ኮዳ የምንለውን ትልቅ ወፍ ሠራንላት። ክንፉን ዘርግቶ፣ ራሰ በራው አንገቱን ቀልብሶ ቆሟል። ክንፉን በቆርቆሮ አለበስነው፤ ጥላው በትክክል ዱካዎቹ ላይ እንዲያርፍ ከሰዓት በኋላ ሦስት ቀን እየሄድኩ በጠመኔ ምልክት አድርጌያለሁ። ቡና ጠጪዎቹ «ክንፍ ሥር እንገናኝ» ማለት ጀመሩ። አንድ ማታ ሰው ሊነካካው ሲል ጮሃ ሰፈሩን ያወጣችው እሷ ናት። ከዚያ ወዲህ አንድም ሥራ አልጠፋብንም።

አንድ አዛውንት ጎረቤታችን ግን ሌላ ጭንቀት ነበራቸው። «የተቀረጸ ምስል አታቁሙ ተብሏል» አሉኝ። ተከራክሬ ላሸንፋቸው አልፈለግኩም። በራቸው ላይ ምን ቢቆም እንደማይከፋቸው ጠየቅኳቸው። «መቀመጫ» አሉ። ድንጋይ ጠርበን መቀመጫ ሠራን። በእኔ ዓይን ከሠራነው ሁሉ የሚበልጠው እሱ ነው።

ስለ ሥራው ራሱ ጥቂት ልበል። ክፍት ቦታ የሚቆም ቱቦላሬ ውሃ በብየዳው ስንጥቅ ይገባበታል፤ መውጫ ካጣ ከውስጥ ይበላዋል። ከሥሩ ቀዳዳ ብሱለት። ዚንክ የተነከረ ቆርቆሮ ስትበይዱ ጭሱ ትኩሳት ያመጣል። ወተት መጠጣት አያድናችሁም፤ ዚንኩን ፍቃችሁ ንፋስ ባለበት ሥሩ። ልጆች ደግሞ ይወጡበታል። ከልክሎ የቻለ የለም። ስለዚህ ከመተከሉ በፊት ሁለት ትልልቅ ሰዎች ይንጠለጠሉበታል፣ ጠርዙም በእጅ ተዳስሶ ይሞረዳል።

በሁለተኛው ዙር አንድ ጓደኛችን አሮጌ ጎማ ደራርቦ ግሩም ሥራ ሠርቶ ነበር። ሰፈሩ ወደደውና ይቆይ ተባለ። በሚያዝያ ዝናብ ጣለ። የጤና ኤክስቴንሽን ሠራተኛዋ እጄን ይዛ ወስዳ ጎማው ውስጥ አሳየችኝ። ጣት በማትሞላ ውሃ ውስጥ የትንኝ እጮች ወደ ላይ ወደ ታች እያሉ ይርመሰመሳሉ። ወባ ባለበት ከተማ ይህ ቀልድ አይደለም። በዚያው ቀን አፈረስነው። ጓደኛዬ ሳያንገራግር አብሮኝ ፈታ። አሁን ማንኛውም ሥራ ከመተከሉ በፊት አንድ ባልዲ ውሃ እናፈስበታለን። የሚቋጥር ከሆነ ተመልሶ ይስተካከላል።

ባለፈው ኅዳር እኚያ እናት እንደገና መጡ። እንዳለፈው ድምፃቸውን ዝቅ አላደረጉም።

«ያኔ ማን ሞቶ ነው ብዬህ ነበር። የእኔ ሞቷል።»

ባለቤታቸው አሞራ ገደል ዓሣ ሲያጠምዱ የኖሩ ሰው ነበሩ። እናታችን መቅዘፊያቸውን በጋቢ ጠቅልለው አምጥተውልኛል። እጀታው እጅ የሚያርፍበት ቦታ ላይ ተበልቶ ጎድጎድ ብሏል። ጣቶቼን አስገባሁበት፤ ልክክ አሉ። ቅርፁ ምን እንደሚመስል ገና እየተነጋገርን ነው። ጀልባ አይፈልጉም፤ መረብ ሲጎትቱ ያለውን አቋማቸውን ነው የሚፈልጉት። ጎንበስ ብለው፣ ግራ እጃቸው ቀድሞ። ተነስተው እያሳዩኝ ነው የምስለው።

መሠረቱን ባለፈው ሰኞ ሞልተናል። ውሃ የማጠጣቱ ተራ የእኔ ነበር። ማክሰኞ ጠዋት ስሄድ ኮንክሪቱ ርሷል፣ ጆንያ ለብሷል። እናታችን አጠገቡ ቢጫ ጀሪካን ይዘው ቆመዋል። «አንተ ወደ ሥራህ ሂድ» አሉኝ።