ዛሬ ማታ ያየሁት ፊልም

ከሥራ ደክሞኝ ገብቼ የዴንማርካዊውን ዳይሬክተር የቶማስ ቪንተርበርግን «ድሩክ» ከፈትኩ። ካለቀ በኋላ እንቅልፍ እምቢ አለኝ። ቀረጻው በተጀመረ በአራተኛው ቀን፣ በ2019 እ.ኤ.አ.፣ የ19 ዓመት ሴት ልጁን በመኪና አደጋ አጣ። ፊልሙ ላይ ልትተውንለት ነበር እኮ! ሥራውን ቢተወው ማን ይፈርድበታል? እሱ ግን ተመለሰ፣ የክፍል ውስጥ ትዕይንቶቹንም እሷ በተማረችበት ትምህርት ቤት፣ ከክፍል ጓደኞቿ ጋር ቀረጸ። በ1995 እ.ኤ.አ. ከሌላው ዴንማርካዊ ዳይሬክተር ከላርስ ቮን ትሪየር ጋር ሆኖ «መብራት አንጨምርም፣ ካሜራው ከእጅ አይወርድም» የሚል የፊልም አሠራር ሕግ ያወጣው ወጣት ይኸው ነው። በ2021 ኦስካሩን ሲቀበል ስለ እሷ እያወራ እንባ ተናነቀው። ፊልሙ መጨረሻ ላይ ዋናው ተዋናይ ማድስ ሚከልሰን ወደቡ ዳር እየደነሰ ወደ ውሃው የሚዘልባትን ቦታ ሦስቴ መለስኳት፤ ከዚያ ተነስቼ ልጄ ተኝታ እንደሆነ አየሁ።