ከሥዕሉ በፊት ቁጥሩን፦ የ1950ዎቹ የአሜሪካ ኮሚኮች የጥናት ማስታወሻ

የጥናት ቡድናችን ማስታወሻ በጋዜጣ ላይ ይወጡ የነበሩትን ሥዕላዊ ተረኮች ጨርሶ ወደ ኮሚክ መጽሔት ተሻግሯል። የዚህ ክፍል ዘመን ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት ማብቂያ እስከ 1960ዎቹ፣ አገሩ አሜሪካ ነው። ዓመቶቹም ወሮቹም በፈረንጆች አቆጣጠር የተጻፉ ናቸው። አዲስ የሚቀላቀሉን ብዙውን ጊዜ ከጀግናውና ከሠዓሊው ይጀምራሉ፤ እኛ የምንመክረው የተገላቢጦሹን ነው። በእነዚህ ዓመታት አንድ ኮሚክ ስንት ገጽ እንደሚኖረው፣ ከስንት ቁጥር እንደሚጀምር፣ አንዳንዴም ጀግናው ምን መልክ እንደሚይዝ የወሰኑት ፖስታ ቤቱ፣ አከፋፋዩና ማተሚያ ቤቱ ናቸው። ይህን ያላወቀ ሰው እትሞቹን በቅደም ተከተል መደርደር እንኳ ያቅተዋል።

ደቃቁ ጽሑፍ

በሽፋኑ ውስጠኛ ገጽ ወይም በመጀመሪያው ገጽ ግርጌ በደቃቅ ፊደል የታተመ አንቀጽ አለ። የመጽሔቱ ሕጋዊ ስም፣ ቁጥሩ፣ ወሩ፣ አሳታሚው ድርጅትና የፖስታ ምዝገባው ያሉት እዚያ ነው። መዝገብ ስትይዙ ስሙን ከዚህ ቅዱ። የሽፋኑ ስም ለገበያ ሲባል የሚቀያየር ስለሆነ አይታመንም።

የድርጅቱ ስምም ያደናግራል። ኢሲ ብለን የምንጠራው አሳታሚ ቤት መጽሔቶቹን ያወጣ የነበረው ፌብልስ ፐብሊሺንግ፣ አይ ሲ ፐብሊሺንግ፣ ታይኒ ቶት ኮሚክስ በሚሉና በመሳሰሉ ኩባንያዎች ስም ነው። ኋላ ማርቭል የሆነው የማርቲን ጉድማን ቤትም እንዲህ ያሉ ስሞችን በደርዘን ይዞ ነበር። ሁለት የተለያዩ የድርጅት ስሞች ስላያችሁ ብቻ ሁለት አሳታሚ ብላችሁ አትመዝግቡ።

ቀጥሎ የሚያሳስተው ወሩ ነው። በሽፋን ላይ ያለው ወር መጽሔቱ ለሽያጭ የወጣበትን ጊዜ አይነግርም። ሻጩ እትሙን ከመደርደሪያው የሚያወርድበትን ጊዜ ስለሚያመለክት ከሁለት እስከ አራት ወር ወደፊት ይገፋል። ፋንታስቲክ ፎር ቁጥር 1 የኖቬምበር 1961 እትም ነው ቢባልም ለገበያ የቀረበው ኦገስት 8 ነው። ዲሲ የተባለው አሳታሚ ባወጣው ሾውኬዝ በተሰኘ መጽሔት ቁጥር 4 ላይ የተጻፈው ኦክቶበር 1956 ሲሆን የተሸጠው በጁላይ ነው። ይህ ለታሪክ ንባብ ትልቅ ልዩነት ያመጣል። የኢንዱስትሪው የሥነ ምግባር ኮድ፣ ማለትም አሳታሚዎቹ በኮሚኮች ይዘት ላይ ያወጡት ደንብ፣ የጸደቀው ኦክቶበር 26 ቀን 1954 ነው፤ ሽፋናቸው ኦክቶበር 1954 የሚሉ ኮሚኮች ግን ከዚያ ወራት ቀድመው ተሥለው፣ ታትመው፣ ተሸጠው አልቀዋል። በእነሱ ላይ የኮዱን ተጽዕኖ መፈለግ ከንቱ ድካም ነው።

ቁጥሩ ለምን ይዘላል?

አዲስ መጽሔት በሁለተኛው የፖስታ መደብ፣ ማለትም ለየጊዜው ኅትመቶች በተፈቀደው ርካሽ ታሪፍ፣ ለማስመዝገብ ክፍያ ነበረው። አሳታሚዎች ክፍያውን ላለመድገም አዲሱን መጽሔት የአሮጌው ተከታይ አስመስለው በአሮጌው ቁጥር ይቀጥሉ ነበር። ከሁሉም የተሻለው ማሳያ የኢሲው ሙን ገርል ነው። በ1947 የጀግና ኮሚክ ሆና ጀመረች፤ በቁጥር 7 እና 8 ወንጀል ተዋጊ ተደረገች፤ ከቁጥር 9 እስከ 12 መጽሔቱ የፍቅር ታሪክ ሆነ። ቁጥር 13 ላይ በ1950 ዊርድ ፋንታሲ የተባለ የሳይንስ ልብወለድ መጽሔት ሆኖ ወጣ። ጀግና፣ ወንጀል፣ ፍቅር፣ ጠፈር፦ የቁጥሩ ሰንሰለት ግን አንድ ነው።

ወጥመዱ የሚመጣው ከዚህ በኋላ ነው። ዊርድ ፋንታሲ እስከ 17 ከሄደ በኋላ ፖስታ ቤቱ ትክክለኛውን ቁጥር እንዲይዝ ስላስገደደው ቀጣዩ እትም ቁጥር 6 ሆነ። በዚህም ምክንያት ከ13 እስከ 17 ያሉት ቁጥሮች ሁለት ሁለት ጊዜ አሉ። “ዊርድ ፋንታሲ 13” ብሎ መመዝገብ ብቻውን ዋጋ የለውም፤ የ1950ው ይሁን የ1952ቱ ዓመቱ አብሮ ይጻፍ።

ከፖስታ ክፍያ ሌላ የንግድ ምክንያትም ነበር። ከፍ ያለ ቁጥር መጽሔቱን የጸና ያስመስለዋል። ዲሲ በ1949 በቁጥር 104 ያቆመውን የጀግና መጽሔት ፍላሽን በ1959 ሲመልስ ከ105 ቀጠለ፤ ጀግናው ሌላ ሰው፣ ልብሱም ሌላ ሆኖ ሳለ። “ቁጥር 1” ሁሉ ውድ በሆነበት በዛሬው ገበያ ላደገ አንባቢ ይህ የማይገባ ነገር ነው። በእንግሊዝም ተመሳሳይ አለ። የአሜሪካው አሳታሚ ፎሴት ካፒቴን ማርቭል የተባለውን ጀግና በ1953 ማሳተም ሲያቆም የለንደኑ አሳታሚ ኤል ሚለር እንደገና የሚያትመው አጣ። በምትኩ ማርቭልማን የሚባል ጀግና አስፈጥሮ በፌብሩዋሪ 1954 ከቁጥር 25 አስጀመረው።

የፖስታው ሕግ አንድ ተጨማሪ አሻራ ትቷል። በመጽሔቱ መሃል ሥዕል የሌለበት ሁለት ገጽ ሙሉ ጽሑፍ ስታገኙ አትገረሙ። ያንን የርካሽ ታሪፍ ለማግኘት ቢያንስ ሁለት ገጽ ጽሑፍ ያስፈልግ ነበር። ልጆቹ እየዘለሉት እንደሚያልፉ አዘጋጆቹም ያውቁ ነበር፤ የአብዛኞቹ ጥራትም ይህንኑ ይመሰክራል። በኋላ ቦታውን የአንባቢዎች ደብዳቤ ወሰደው።

ገጽ መቁጠር

በ1940ዎቹ መጀመሪያ 10 ሳንቲም ለ64 ገጽ ከሽፋን ጋር ይከፈል ነበር። በጦርነቱ ጊዜ የወረቀት ራሽን ገጹን ቀነሰው፤ ከጦርነቱ በኋላም ወረቀት ሲወደድ አሳታሚዎች ዋጋውን ሳይነኩ ገጹን እየሸረፉ ወደ 32 አወረዱት። 10 ሳንቲም የዘለቀው እስከ 1961 መጨረሻ አካባቢ ነው፤ ዲሲና ማርቭል ወደ 12 ሳንቲም ያለፉት ያኔ ነው። ዴል የተባለው አሳታሚ ቀድሞ ወደ 15 ሳንቲም ሞክሮ ገበያው አልተከተለውም።

የ32 ገጽ መጽሔት ሙሉ መሆኑን ለማረጋገጥ የታተመውን የገጽ ቁጥር አትመኑ፤ በየታሪኩ እንደገና ከ1 ይጀምራል፣ ማስታወቂያውም ብዙ ጊዜ አይቆጠርም። በእጅ ቁጠሩ። ሽቦ የተመታበት መሃል ከገጽ 16 እና 17 መካከል መውደቅ አለበት። እያንዳንዱ የታጠፈ ወረቀት አራት ገጽ ስለሚይዝ የሚጎድለውም በአራት በአራት ነው፦ 5 እና 6 ከጎደሉ 27 እና 28ም አብረው ይጠፋሉ። ሒሳቡ ቀላል ነው፤ በአንድ ወገን ትይዩ የሆኑ ሁለት ገጾች ሲደመሩ 33 ይመጣሉ። ግማሹ ብቻ ከጎደለ ግን ወረቀቱ ከማጠፊያው ላይ ተቀዷል ማለት ነው፤ የቀረውም ልቅ ስለሚሆን ሲገለጥ እንዳይወድቅ ተጠንቀቁ።

ቀለሙ እንዴት ይሠራ ነበር?

ሠዓሊው የሚሠራው ከሚታተመው በእጥፍ በሚበልጥ ወረቀት ላይ ነው፤ የሥዕሉ ስፋት 12 በ18 ኢንች ገደማ ነበር። በ1960ዎቹ መጨረሻ ወደ 10 በ15 ወረደ። በጥቁር ቀለም ያለቀው ገጽ በአነስተኛ መጠን ተባዝቶ ለቀለም ባለሙያ ይሰጣል። ኢሲ ውስጥ ይህን ሥራ ትሠራ የነበረችው ማሪ ሴቨሪን ናት። ባለሙያዋ ቅጂውን በውሃ ቀለም ከቀባች በኋላ በእያንዳንዱ ቦታ ላይ ኮድ ትጽፋለች። ቢጫ፣ ቀይና ሰማያዊ እያንዳንዳቸው በሦስት መጠን ይገኛሉ፦ 25 በመቶ፣ 50 በመቶና ሙሉ። “የለም” የሚለውን አራተኛ ብንቆጥር 4 በ4 በ4፣ ነጩን ጨምሮ 64 ቀለም ነው። ከዚያ በላይ ቀለም አልነበረም።

ቀለም የሚለዩት ሠራተኞች ለእያንዳንዱ ገጽ እስከ ዘጠኝ ግልጽ ፕላስቲክ፣ ማለትም ለሦስቱ ቀለማት በሦስት መጠን፣ በብሩሽ ይሞላሉ። ፕላስቲኮቹ በነጠብጣብ ማጣሪያ ፎቶ ተነስተው ወደ ኅትመት ፕሌት ይለወጣሉ። ብዙ እጅ ስለሚያልፍ ስህተት ይበዛል። የጀግናው ጓንት በአንድ ሣጥን (አንድ ሥዕል በሚይዘው ክፍል) ቀይ፣ በቀጣዩ ቢጫ ሆኖ ብታዩ ትርጉም አትፈልጉለት፤ አንድ ፕላስቲክ ላይ አንድ ቦታ ሳይሞላ ቀርቶ ነው። ቀለሙ ከጥቁሩ መስመር አፈንግጦ ከወጣ ደግሞ በፍጥነት የሚሮጠው የጋዜጣ ወረቀት ተለጥጦ አራቱ ፕሌቶች አልገጠሙም ማለት ነው።

ግራጫ ከሁሉ የከፋው ነበር። የሚገኘው ሦስቱን ቀለማት በስሱ በመደራረብ ስለሆነ አንዱ ትንሽ ሲበዛ ወደ አረንጓዴ ወይም ወደ ሰማያዊ ያደላል። የማርቭሉ ጀግና ሃልክ በሜይ 1962 ቁጥር 1 ላይ ግራጫ ሆኖ ተፈጠረ፤ ማተሚያ ቤቱ ከገጽ ገጽ አንድ ዓይነት ግራጫ ማውጣት ስላልቻለ በቁጥር 2 አረንጓዴ ሆነ።

ኦሪጅናልን ከኋላ ድጋሚ ኅትመት ለመለየት አሥር እጥፍ የሚያጎላ መነጽር ይበቃል። በዘመኑ ኅትመት ነጠብጣቦቹ ትልልቅና ጠርዛቸው ሻካራ ነው፤ ፕሌቱ ቀለሙን ወደ ዳር ስለሚገፋው የጥቁሩ መስመር ጠርዝ ከመሃሉ ይጠቁራል። በዘመናዊ ድጋሚ ኅትመት ቀለሙ ለስላሳ፣ ወረቀቱም ነጭ ነው።

ኮዱ

ኤፕሪል 21 እና 22፣ ከዚያም ጁን 4 ቀን 1954 የሴኔቱ የወጣት አጥፊዎች ንዑስ ኮሚቴ ኒውዮርክ ላይ ስለ ኮሚኮች ምስክሮችን አደመጠ። የአእምሮ ሐኪሙ ፍሬድሪክ ወርትሃም ኮሚክን የሚከስ መጽሐፉን በዚያው ዓመት አውጥቶ ነበር፤ የኢሲ ባለቤት ቢል ጌይንስም በመጀመሪያው ቀን ቀርቦ ተከራከረ፣ አልተሳካለትም። መንግሥት ግን ኮሚክን የሚከለክል የፌዴራል ሕግ አላወጣም። አሳታሚዎቹ ራሳቸው ማኅበር መሥርተው ዳኛ የነበረውን ቻርልስ መርፊን ሾሙ፣ ኮዱንም አጸደቁ። “ሆረር” እና “ቴረር” የሚሉት ቃላት በርዕስ ላይ ተከለከሉ፤ “ክራይም” የሚለውም ከሌሎቹ የርዕሱ ቃላት ጎልቶ እንዳይጻፍ ተባለ። ቫምፓየርና ዞምቢም ታገዱ።

ኮዱን ያላከበረ አይታሰርም፤ የማኅበሩ የፈቃድ ማኅተም የሌለውን መጽሔት ግን ጅምላ አከፋፋዮች ፓኬቱን ሳይፈቱ ይመልሱት ነበር። የኮዱ ጉልበት ያ ብቻ ነበር። የራሱ ስም ያለው ቤት አልፈራውም፤ ከሁሉ የሚበልጠው አሳታሚ ዴል ማኅበሩን ሳይቀላቀል በዲዝኒ ኮሚኮቹ ገበያውን ይዞ ቀጠለ። ስለዚህ ማኅተም አለመኖሩ ብቻ መጽሔቱን “የተወገዘ” አያደርገውም፤ መጀመሪያ አሳታሚውን እዩ።

ኢሲ እንደ ዴል አቅም አልነበረውም። ለመጨረሻ ኮሚኩ ለኢንክሬዲብል ሳይንስ ፊክሽን ቁጥር 33፣ ኮዱ አንድ ታሪክ ሲጥልበት በ1953 ያወጣውን ጀጅመንት ደይ የተባለ ታሪክ በምትኩ አቀረበ። ጽሑፉ የአል ፌልድስታይን፣ ሥዕሉ የጆ ኦርላንዶ ነው። ከምድር የተላከ መርማሪ ብርቱካናማና ሰማያዊ ሮቦቶች በቀለም ብቻ የሚለያዩባትን ፕላኔት ጎብኝቶ፣ ሰማያዊዎቹ ስለሚጨቆኑ ወደ ጋላክሲው ኅብረት መግባት አይገባችሁም ይላቸዋል። በመጨረሻው ሣጥን የራስ ቁሩን ሲያወልቅ ጥቁር ሰው ነው። መርፊ ሰውየው ጥቁር እንዳይሆን ጠየቀ፤ ጌይንስ ጉዳዩን ለጋዜጠኞች እንደሚያወጣ ዝቶ ሳይለውጥ አሳተመው። በእኛ ግምት ኮዱ ማንን ከምን ይጠብቅ እንደነበር ከዚህ ሣጥን የበለጠ የሚያስረዳ ገጽ የለም።

የኢሲ የሽሙጥ ኮሚክ የነበረው ማድ በ1955 በቁጥር 24 ወደ 25 ሳንቲም ትልቅ መጽሔት የተለወጠው ከኮዱ ለማምለጥ ነው ሲባል ትሰማላችሁ። ከኮዱ ውጭ መሆኑ እውነት ነው፤ መነሻው ግን አዘጋጁ ሃርቪ ኩርትዝማን ከፍ ያለ መጽሔት መሥራት መፈለጉ ነበር።

አከፋፋዩ ሲወድቅ

ያልተሸጠ ኮሚክ ሙሉው አይመለስም ነበር። የማጓጓዣ ወጪ ለመቆጠብ ሻጩ የሽፋኑን የላይኛ ክፍል ቀድዶ ይልክ፣ ገንዘቡም ይታሰብለት ነበር። ቀሪው መወገድ ሲገባው በርካሽ ይሸጥ ነበር፤ ስሙ ከሽፋኑ የተቀደደ ኮሚክ ካገኛችሁ ምናልባት የእሱ ቅሪት ነው። ሒሳቡ ተጠናቆ የሚመጣው ከወራት በኋላ ስለሆነ አሳታሚው የሚወስነው በጨለማ ነው። ፍላሽ በሾውኬዝ 4 ተሞክሮ ከዚያም በ8፣ በ13 እና በ14 ተደጋግሞ የራሱን መጽሔት እስኪያገኝ ከሁለት ዓመት በላይ የወሰደው አንዱም በዚህ ነው።

በ1957 ትልቁ አከፋፋይ አሜሪካን ኒውስ ካምፓኒ የመጽሔት ሥርጭቱን ዘጋ። ጉድማን መፍትሔ ያገኘው ከተፎካካሪው ከዲሲ ቤት አከፋፋይ ነው፤ ውሉም በወር ከስምንት ርዕስ በላይ አይፈቅድለትም። የ1960ዎቹ ማርቭል ሁለት ጀግና በአንድ መጽሔት የሚያጭቀው በዚህ ነው። ገደቡ በ1968 ሲላላ ጀግኖቹ ተለያዩ፣ ቁጥሩ ግን ቀጠለ፦ ካፒቴን አሜሪካ በስሙ የወጣው ከቁጥር 100፣ ሃልክ ከ102።

ስለ ሽያጭ ስትጽፉ ከ1960 ጀምሮ በዓመት አንዴ በመጽሔቱ ውስጥ የሚታተመውን የባለቤትነት መግለጫ ተጠቀሙ። ለፖስታ ቤት የተሰጠ ቃል ስለሆነ ከማስታወቂያ ቁጥር ይሻላል። የ1960ው መግለጫ ሱፐርማን በአንድ እትም በአማካይ 810,000፣ የዲዝኒው ዳክዬ አንክል ስክሩጅ ደግሞ ከአንድ ሚሊዮን በላይ ይሸጡ እንደነበር ያሳያል። ዳክዬው ከጀግናው መብለጡ አዲስ አንባቢን ሁሌም ያስደነግጣል።

ቅጂ የት ይገኛል?

በአሜሪካ ከ1964 በፊት የታተመ ሥራ በ28ኛው ዓመት የቅጂ መብቱ ካልታደሰ ነጻ ይሆናል፤ ከከሰሩ ትንንሽ አሳታሚዎች ብዙው እንዲህ ስለሆነ ስካኑ በሕጋዊ መንገድ ይገኛል። ዲሲ፣ ዲዝኒና ኢሲ በአብዛኛው አድሰዋል። ዋሽንግተን አካባቢ የምትኖሩ ደግሞ በኮንግረስ ቤተ መጻሕፍት የጋዜጣና የመጽሔት ንባብ ክፍል ኦሪጅናሉን በእጃችሁ ማየት ትችላላችሁ። ስካን ስትመርጡ ከሽፋን እስከ ሽፋን የተነሳውን ውሰዱ፤ ማስታወቂያውንና ውስጠኛውን ሽፋን የቆረጠ ስካን ደቃቁን ጽሑፍም አብሮ ቆርጦታል።