ጤዛን ከእማዬ ጋር

ዛሬ «አሳይሻለሁ» እያልኩ ስንት ጊዜ ያቆየሁትን የኃይሌ ገሪማን ፊልም «ጤዛ»ን ለእማዬ ከፈትኩላት።

ጓደኞቼ «የተሸለመ ፊልም» ሲባሉ ትራስ ነው የሚፈልጉት። ጤዛ ደግሞ ሽልማት አላነሰውም፦ እ.ኤ.አ. በ2008 ቬኒስ የፊልም ፌስቲቫል ላይ የዳኞችን ልዩ ሽልማትና የምርጥ ስክሪፕትን፣ በዓመቱ ዋጋዱጉ ላይ የአፍሪካ ፊልሞች ፌስቲቫል የሆነውን የፌስፓኮን ትልቁን ሽልማት ወስዷል። ርዝመቱ 140 ደቂቃ ነው። እኔም ተማሪ ሳለሁ ስለ እሱ አንድ ጽሑፍ ሞነጫጭሬ ነበር። ሙሉውን ስለ ታሪኩ የጊዜ ቅደም ተከተል መመሰቃቀል ነው የጻፍኩት፦ ዋናው ገጸ ባሕርይ አንበርብር እግሩን አጥቶ ከጀርመን ወደ እናቱ መንደር ይመለሳል፤ ትዝታው አንዴ ጀርመን፣ አንዴ የደርግ አዲስ አበባ፣ አንዴ ልጅነቱ ላይ ይጥለዋል። ሃያሲ የሚወደው ነገር ነው። ያኔ ሃያሲ መምሰል እወድ ነበር።

እማዬ ሰፌዱን ጭኗ ላይ አድርጋ ምስር እየለቀመች ነው የምታየው። ጀርመን ያሉት ተማሪዎች ስለ አብዮት ሲከራከሩ አንገቷ ዘንበል አለ። (እውነት ለመናገር እዚያ ጋ ፊልሙ ስብሰባ ስብሰባ ይላል፤ ያኔ ግን ይህን ለመጻፍ አልደፈርኩም።) አልቀሰቀስኳትም። ታሪኩ መንደር ሲመለስ ራሷ ነቃች።

ልጆቹ ከውትድርና አፈሳ ሸሽተው ዋሻ ውስጥ የሚደበቁበት ጋ ሲደርስ እጇ ቆመ። በሁለት ጣቶቿ መሀል ጠጠር ይዛለች፤ አልጣለችውም።

«የእኛ ጎተራ ውስጥ ነበር» አለች።

«ማን?»

«አጎትህ ነዋ። ሦስት ቀን። ሳል ይዞት ነበር። ሲያስል እንዳይሰማ አያትህ ደጅ ላይ ትወቅጣለች።»

«ምን?»

«የሚወቀጥ ነገር ኖሮ መሰለህ? ባዶ ሙቀጫ።»

አጎቴን የማውቀው ሠርግ ላይ ሲፎክር ነው። ስለ ጎተራ አንድም ቀን ትንፍሽ ብሎ አያውቅም። ፊልሙን ላቆመው ስል፣ «ተወው፣ ልጆቹን ያገኟቸው እንደሆነ ልይ» አለችኝ።

ሲያልቅ እንዴት እንዳገኘችው ጠየቅኳት።

«ረዘመ» አለች። ቆይታ ደግሞ፣ «እናትየዋን ግን አውቀዋታል።»

ማታ ያንን ጽሑፌን ከድሮ ወረቀቶቼ መሀል ፈልጌ አነበብኩት። ስለ ዋሻው አንድ ዓረፍተ ነገር አለችኝ። «የመሸሸግ ተምሳሌት» ብዬዋለሁ። ተምሳሌት! እናትየዋማ ጭራሽ የለችም። የቬኒስ ዳኞች ጎተራ አይተው ላያውቁ ይችላሉ፤ ቢሆንም ከእኔ የተሻለ ሳያዩ አልቀሩም። «ፈረንጅ እንዲወደው የተሠራ ነው» የሚሉትን ጓደኞቼንም ዛሬ እማዬ አጠገብ ባስቀመጥኳቸው።

ሰኞ። ምሳ ላይ ምስር ወጡ ውስጥ ጠጠር ነከስኩ። እማዬ ሰምታ ቀና አለች። ዝም ብዬ ዋጥኩት።