ሴቶቹ ሲናገሩ

እዚህ ቦስተን ሐበሻ ሲሰባሰብ የደርግ ዘመን ወሬ መነሳቱ አይቀርም። ቀይ ሽብር፣ እስር፣ ድርጅት፣ የሱዳን በረሃ። የሚያወሩት ግን ወንዶቹ ናቸው። እኛ ቡና እናፈላለን። ያን በረሃ እኛም በእግራችን አቋርጠነዋል። ካርቱም ውስጥ ሰው ቤት ሠርተን፣ ሻይ ሸጠን፣ ልጅ አዝለን ነው ያለፍነው። እንዴት አለፋችሁት ብሎ የጠየቀን የለም። ይህ ለዓመታት ሲያንገበግበኝ ኖሯል።

የሳሌም መኩሪያን ሥራ የምወደው ለዚህ ነው። ሳሌም ከቦስተን ብዙ በማይርቀው በዌልስሊ የሴቶች ኮሌጅ ለረጅም ዓመታት ያስተማሩ ኢትዮጵያዊት ፊልም ሠሪ ናቸው። በ1991 እ.ኤ.አ. የሠሩት ዘጋቢ ፊልም ርዕሱ «ስደት» ነው። ከኢትዮጵያና ከኤርትራ ተሰደው ሱዳን የገቡ ሦስት ሴቶችን ሕይወት ያሳያል። በ77ቱ ረሃብ የዓለም ቴሌቪዥን ስንት እናቶችን አሳየ! ልጅ ታቅፈው ዝም ያሉ፣ ስማቸው እንኳ የማይነገር። በዚህ ፊልም ግን የስደቱ ታሪክ የሚነገረው በሴቶቹ ኑሮ በኩል ነው። ሳየው «እኛም ነበርንበት» አልኩ፤ ጮክ ብዬ።

በዚያው ሰሞን ስለ ጥቁር አሜሪካዊቷ ደራሲ ስለ ዶሮቲ ዌስትም ፊልም ሠርተዋል። ዶሮቲ የቦስተን ልጅ ነበሩ። ይህን በጣም አከብርላቸዋለሁ። ስንቶቻችን ነን ከጥቁር አሜሪካውያን ጎረቤቶቻችን ጋር ሰላምታ እንኳ ሳንለዋወጥ ዓመታት የምንኖር?

ከዚያ በኋላ የሠሩት «የወንዝ ማዕበል» የተባለው ፊልም ግን ለእኔ ከሁሉም ይከብዳል። ስለ አብዮቱና ስለ ቀይ ሽብር ነው። ደብዛው የጠፋ ወንድማቸውንና የተረሸነች የልብ ጓደኛቸውን ያስታውሱበታል። የዚያን ትውልድ ታሪክ ብዙ ጊዜ የሰማሁት በመሪዎችና በድርጅቶች ስም ነው። እሳቸው እንደ እህት፣ እንደ ጓደኛ ነው የሚነግሩን። እኔም ወንድሜን በዚያ ዘመን አጥቻለሁ። ባንድ ቁጭታ ልጨርሰው አልቻልኩም። አቁሜ አለቀስኩ፣ ደግሞ ቀጠልኩ። እናቴ ሬሳውን ሳታገኝ፣ እርሟን ሳታወጣ ነው የሞተችው። ስለ እሷ ሐዘን የጻፈ ማንም የለም።

አሁን የማኅበራችን ሴቶች ተራ በተራ መናገር ጀምረናል። ልጆቻችን በስልካቸው ይቀዱናል። በገዳሪፍ በኩል ያለፈች አንዲት እህት ስትናገር ባሏ አጠገቧ ነበር። አብዛኛውን የሰማው ገና ያን ቀን ነው። ቦስተንና አካባቢው ያላችሁ እህቶች፣ ኑ፣ እናንተም ተናገሩ። እናቶቻችሁንም ይዛችኋቸው ኑ።