የዝክር ድንጋይን እንዴት ፈጠርኳት

ትዝታ የሚይዝ ድንጋይ በወረቀት ላይ መፍጠር ቀላል ነው። «ያየችውን ሁሉ ታስታውሳለች» ብሎ መጻፍ ብቻ ነው። ጣጣው ሁለተኛው ገጽ ላይ ይመጣል። ሁሉን የምታስታውስ ድንጋይ ካለች ሌባ አይኖርም፣ የሐሰት ምስክር አይኖርም፣ የድንበር ክርክር አይኖርም፤ ልብ ወለዱም አይኖርም። ስለዚህ ለረጅም ታሪኬ የዝክር ድንጋይ ያልኳትን ማዕድን ስፈጥር አብዛኛው ድካሜ የማትችለውን መወሰን ነበር።

ጎንደር ተቀምጦ ስለ ድንጋይ ለሚጽፍ ሰው የመጀመሪያው ፈተና ግንቡ ነው። ፋሲል ግቢን እያየ «ይህ ግድግዳ አፍ ቢኖረው» ያላለ ሰው የለም። ሆን ብዬ ተውኩት። ነገሥታቱ ዜና መዋዕል የሚጽፍላቸው ሰው ነበራቸው፤ ድንጋይ የሚያስፈልጋት ጸሐፊ ላልነበረው ነው። ለዚህ ወለቃ ተሻለችኝ። ከከተማው ወጣ ብላ በደባርቅ መንገድ ያለች፣ በሸክላ የምትታወቅ መንደር ናት። ድሮ ቤተ እስራኤላውያን ይኖሩባት ነበር። ከአካባቢው የወጡት ብዙዎቹ በ1977 እና በ1983 ዓ.ም. በነበሩት ጉዞዎች ወደ እስራኤል ሄደዋል።

ሸክላ ሠሪ ጀበናውን ከቅርጽ አስገብታ ጠፈፍ ሲልላት፣ በለስላሳ ጠጠር ደጋግማ ታሸዋለች። ሻካራው እየጠፋ ገላው ማብረቅረቅ ይጀምራል። ጠጠሯ ከአውራ ጣትና ከሌባ ጣት መካከል አትወጣም፤ ሲቆይ እሷም ትሞልጫለች። የዝክር ድንጋይ በታሪኬ ውስጥ ይህች ማለስለሻ ጠጠር ናት። አክሊል ላይ የተተከለ ፈርጥ ባደርጋት ኖሮ ማንም ገና ሲያያት ይጠረጥራት ነበር።

ትዝታውን የምትይዝበትን መንገድ ከአስማት ጥቅልል ሳይሆን ከደጃችን ጥቁር ድንጋይ ወሰድኩት። ባዛልት ቀልጦ ወጥቶ ሲበርድ፣ ውስጡ ያሉት ማግኔታይት የተባለው የብረት ማዕድን ቅንጣቶች በዚያ ጊዜ የነበረውን የምድር ማግኔት አቅጣጫ ይዘው ይቀራሉ። የስሜን ተራሮች ባዛልት 30 ሚሊዮን ዓመት ገደማ ሆኖታል፤ ባለሙያ መሣሪያ ይዞ ከቀረበው ግን የዚያን ዘመን ሰሜን ያነብበታል። ማግኔታይት ከ580 ዲግሪ ሴንቲግሬድ በላይ ከጋለ የያዘውን ይለቃል፤ ሲበርድ ደግሞ የዚያን ጊዜውን ይይዛል። እሳት ያገኘው ሸክላም እንዲሁ ነው።

ይህን ሳነብ ታሪኩ ራሱ መጣልኝ ማለት እችላለሁ። የዝክር ድንጋይ የምትይዘው እየበረደች ሳለ አጠገቧ የሆነውን ብቻ ነው። የምትናገረው ስትግል ነው፤ ተናግራ ስትጨርስ ባዶ ትሆናለች። ከዚያ ስትበርድ በቦታው የምትይዘው የሰሚዋን ለቅሶ ወይም ሳቅ ነው። የሰማ ሰው የሰማውን አጥፍቶ የራሱን ይጽፍባታል ማለት ነው።

ረቂቁን የማነብላት አክስቴ ግን በዚህ አልረካችም። «ቆይ አንቺ፣ እንዲህ ከሆነማ ባለታሪክሽ ቡና ሲፈላ ፍሙ ላይ ጣል አርጋ አትሰማም እንዴ?» አለችኝ። ልክ ናት። የተራገበ ከሰል ሙቀቱ እንደ ዋዛ የሚታይ አይደለም። ስለዚህ ድንጋይዋ ግለት ብቻ ሳይሆን ረጅም ሰዓት እንድትፈልግ አደረግኳት፤ ሸክላ የሚተኮስበት የኩበትና የእንጨት ክምር ካልሆነ አትከፈትም። ይህ ደግሞ ጓዳ ውስጥ ተደብቆ የሚነድ እሳት አይደለም፤ ጭሱን መንደሩ ሁሉ ያየዋል። ምስጢሩን በጎረቤት ዓይን ሥር ማድረጌ ሦስት ምዕራፍ አወጣልኝ። ከዚያ ወዲህ ረቂቄን የማነበው ልብ ወለድ ለማይወዱ ሰዎች ነው፤ እነሱ የሚጠይቁት «ለምን አታደርገውም?» ብለው ነው።

ባለታሪኬ ጠጠሯን ያገኘችው በ1983 ከሄደች ጎረቤቷ ነው። ሙያውንም ያስተማረቻት እሷ ናት። «ልጄ ከመጣ ስጪው» ብላታለች። ልጁ ይምጣ አይምጣ አይታወቅም፤ ባለታሪኬ ደግሞ እያረጀች ነው። እሳት ውስጥ ከከተተቻት የልጁን አደራ በላች ማለት ነው። ካልከተተቻት ደግሞ ምንነቷን የሚያውቅ ሰው ሳይኖር ጠጠሯ ከገል ጋር ተጥላ ትቀራለች። ስለ ማዕድኗ የጻፍኩት ሌላው ሁሉ፣ ቀለሟም ክብደቷም፣ ለዚህ ጭንቀት ካልጠቀመ ሰርዤዋለሁ። ስለ አፈጣጠሯ የጻፍኩት ረጅም ክፍል አሁን አንድ መስመር ነው።

ያልሰረዝኩት የገበያውን ነገር ነው። ዋጋ ያለው ድንጋይ ካለ ደላላ አለ። እዚህ ላይ የረዳኝ ወሎ ደላንታ ውስጥ ወገል ጤና የሚወጣው ኦፓል የተባለው የከበረ ድንጋይ ነው። ከእሱ ብዙው ውሃ ይጠጣል፤ ሲነከር እንደ መስታወት ይጠራል፣ ሲደርቅ ወደ ቀድሞ መልኩ ይመለሳል። እኔም ባዶዋ የዝክር ድንጋይ ውሃ ውስጥ እንድትጠራ፣ የተሞላችው ግን ውሃ እንዳታስገባ አደረግኩ። አራዳ ገበያ ላይ ገዢው የውሃ ብርጭቆ ይዞ ይመጣል፤ ጠጠሯን ጣል ያደርግና በብርሃን ያያታል።

መፈተኛ ባለበት ማታለያ መኖሩ አይቀርም። የኔ ደላላ ባዶዋን ጠጠር በሰም ያሻታል፤ ውሃ አይገባባትም፣ አትጠራም፣ የተሞላች መስላ ትሸጣለች። አክስቴ ይህን ስትሰማ ወዲያው «ፀሐይ ላይ ያቆያት፣ ሰሙ ያጋልጠዋል» አለች። ደላላው የሚያዘው በዚያ ነው፤ ቀትር ላይ፣ እጁ ውስጥ ሲያጣብቀው።