ዲኤልኤል ጠፋ ሲላችሁ መጀመሪያ ዲስኩን እዩ

ደብረ ብርሃን፣ ጠባሴ አካባቢ ኮምፒውተር እጠግናለሁ። በቴሌግራም ደጋግሞ የሚመጣልኝ አንድ ጥያቄ አለ። «ዲስኬን ላስፈትሽ ስል አንድ ዲኤልኤል የለም ይለኛል፤ ከየት ላውርደው?» መልሴ አጭር ነው። ከየትም አታውርዱት። ምክንያቱ ግን በአንድ መልእክት ስለማያልቅ እዚህ ልጻፈው።

ዲኤልኤል ፕሮግራሞች የሚጋሩት የሥራ ትእዛዝ የያዘ ፋይል ነው። ብቻውን አይሠራም። ሌላ ፕሮግራም ሲጠራው ነው ሥራውን የሚሠራው። ዊንዶውስ ላይ ዲስክ የሚፈትሸውን ቼክዲስክን እንውሰድ። ፕሮግራሙ ራሱ ትንሽዬ ናት። ከባዱን ሥራ የሚሠሩት ሲስተም 32 ፎልደር ውስጥ የተቀመጡ ዲኤልኤሎች ናቸው። የዲስኩ ፋይል ሲስተም፣ ማለትም ፋይሎች የሚደራጁበት ዘዴ፣ ኤንቲኤፍኤስ ከሆነ ዩኤንቲኤፍኤስ የሚባለውን ትጠራለች። ፍላሹ ፋት 32 ከሆነ ዩፋትን፣ ኤክስፋት ከሆነ ዩኤክስፋትን። ዩሊብ እና አይኤፍኤስዩቲል የሚባሉት ደግሞ የጋራ ናቸው፤ ፋይል ሲስተሙ ምንም ይሁን ምን ያስፈልጋሉ። ፍላሽ ላይ ቀኝ ክሊክ አድርጋችሁ ፎርማት ስትሉም ከጀርባ ኤፍኤምአይኤፍኤስ የሚባል ሌላ ዲኤልኤል አለ።

እነዚህ ሁሉ ከዊንዶውስ ጋር አብረው የሚመጡ ናቸው። ማንም ሆን ብሎ አያጠፋቸውም። ታዲያ ምን በላቸው? አንዳንዴ ቫይረስ ነው። አንዳንዴ አፕዴት እየተጫነ መብራት ይጠፋል። አንዳንዴም «ላይት» እየተባለ የሚዞረው፣ እንዲቀል ተብሎ ብዙ ነገር የተቀነሰበት ዊንዶውስ ነው የተጫነው። እኔ ግን ቀድሜ የምጠረጥረው ዲስኩን ነው። ፋይሉ የተጻፈበት ቦታ ከተበላሸ ዊንዶውስ ሊያነበው አይችልም። መጠገኛው ያለው እዚያው የታመመው ዲስክ ላይ ነው። እና ሰው ፋይሉን ፍለጋ ኢንተርኔት ላይ ሲባዝን ዲስኩ እየሞተ ነው።

ከመንዝ፣ ከመሐል ሜዳ አንድ መምህር ላፕቶፕ ይዘው መጡ። የተማሪዎቻቸው ውጤት፣ ያዘጋጇቸው ፈተናዎች፣ የልጃቸው ሠርግ ፎቶ፣ ሁሉም እዚያው ላይ ነው። ሌላ ቅጂ የለም። እዚያው የሚያውቁት ልጅ የጠፋውን ዲኤልኤል ከአንድ ድረ ገጽ አውርዶ ሲስተም 32 ውስጥ ከቶላቸዋል። ከዚያ በኋላ መልእክቱ ተቀየረ። መጨረሻው 7ቢ የሆነ ረጅም የስህተት ቁጥር መጣ። ይሄ ቁጥር ብዙ ጊዜ የሚመጣው ለ64 ቢት ፕሮግራም የ32 ቢት ዲኤልኤል ሲሰጠው ነው። ወይም በተቃራኒው። ይሄ እንግዲህ ቀላሉ ጉዳት ነው። ከማይታወቅ ሰው የመጣ ዲኤልኤል ከጠራው ፕሮግራም ጋር እኩል ሥልጣን አለው፤ ቼክዲስክ ደግሞ በአድሚኒስትሬተር መብት ነው የምትሠራው። የማታውቁትን ሰው ቤታችሁ አስገብታችሁ የሣጥኑን ቁልፍ እንደመስጠት ነው።

«ልጄ፣ ዊንዶውሱን ብቻ ብትጭኚልኝ ይበቃኛል» አሉኝ።

«መምህር፣ ዊንዶውሱ ይቆየን። መጀመሪያ ውጤቶቹን እናውጣ» አልኳቸው።

ክሪስታል ዲስክ ኢንፎ የሚባለው ፕሮግራም ዲስኩ ስለራሱ የሚመዘግበውን ያሳያል። ከፈትኩት፤ ቢጫ ነው፤ ማስጠንቀቂያ ማለት ነው። ሊነበቡ ስላልቻሉ ውሳኔ የሚጠብቁ ሴክተሮች፣ ማለትም የዲስኩ ትንንሽ ክፍሎች፣ አሉበት። ከዚህ በኋላ በዚያ ዲስክ ላይ ምንም ነገር መጻፍ አልፈልግም። ፈትቼ አወጣሁትና ሌላ ማሽን ላይ ሰካሁት። ማሽኑን በዊንዶውስ ፈንታ ከፍላሽ በሊኑክስ አስነስቼ ዲዲሬስኪው በሚባለው መሣሪያ መገልበጥ ጀመርኩ። ዲዲሬስኪው መጀመሪያ ጤነኛውን ክፍል ይወስዳል። የተበላሸው ቦታ ላይ አይታገልም፤ ዘሎ ያልፍና በኋላ ይመለስበታል። የደረሰበትንም ፋይል ላይ እየመዘገበ ነው የሚሄደው፤ መብራት ቢጠፋ ካቆመበት ይቀጥላል። መብራት በሚቆራረጥበት ከተማ ለሚሠራ ሰው ይሄ ትልቅ ነገር ነው። ውጤቶቹ ወጡ። ከፎቶዎቹ የተወሰኑት አልተረፉም። መምህር ውጤቶቹን ሲያዩ እጃቸውን ወደ ላይ ዘርግተው መረቁኝ።

ቼክዲስክን ያስኬድኩት ከዚያ በኋላ፣ ቅጂው ላይ ነው። እባካችሁ ይህን ቅደም ተከተል ያዙልኝ። የቼክዲስክ ሥራ የፋይል ሲስተሙን መዝገብ ማስተካከል ነው፤ የእናንተን ፎቶ ማዳን አይደለም። መዝገቡ እርስ በርሱ ካልተስማማ ቆርጦ ይጥላል። ባለቤት ያጣውን ቁራጭ «ፋውንድ ዜሮ ዜሮ ዜሮ» የሚባል ፎልደር ውስጥ ያጉረዋል፤ ስሙም የፋይል ቁጥር ብቻ ይሆናል። ስላሽ አር ብላችሁ ካዘዛችሁት ደግሞ ዲስኩን ከዳር እስከ ዳር፣ እያንዳንዱን ሴክተር ያነባል። ጤነኛ ዲስክ ይችለዋል። እየሞተ ያለውን ግን ቶሎ ሊገድለው ይችላል።

የመንዝን ነገር ካነሳሁ አይቀር አንድ ነገር ልጨምር። የሚሽከረከር ሃርድ ዲስክ ውስጥ አንባቢው ራስ ዲስኩን አይነካም። በስስ የአየር ንብርብር ላይ ተንሳፍፎ ነው የሚሄደው። አየሩ ሲሳሳ መንሳፈፊያውም ይሳሳል። ለዚህ ነው በብዙ ዲስኮች መግለጫ ላይ የሥራ ከፍታ ገደብ 3,048 ሜትር ተብሎ የሚጻፈው። ደብረ ብርሃን 2,800 ሜትር ገደማ ላይ ስለሆነች እንተርፋለን። መንዝ ያለው የጓሳ ደጋ ግን ከ3,200 ሜትር በላይ ነው። እዚያ ያለ ዲስክ ሁሉ ይበላሻል ማለቴ አይደለም። ከገደቡ በላይ እየሠራ መሆኑን ግን ባለቤቱ ቢያውቅ ጥሩ ነው። ለመንዝ ደንበኞቼ የሚሽከረከር ነገር የሌለውን ዲስክ፣ ኤስኤስዲን፣ የምመክረው አንዱ በዚህ ምክንያት ነው፤ የሚንሳፈፍ ነገር የለውማ።

ዲስኩ ጤነኛ ሆኖ ዲኤልኤሉ ብቻ ከጠፋስ? ያኔ ዊንዶውስ ራሱ መጠባበቂያ አለው። ዊንኤስኤክስኤስ የሚባል ፎልደር ውስጥ የራሱን ፋይሎች ያስቀምጣል። ትእዛዝ የሚጻፍበትን መስኮት፣ ሲኤምዲን፣ በአድሚኒስትሬተር ከፍታችሁ የዊንዶውስን ፋይሎች የሚፈትሸውን ኤስኤፍሲን በስካንናው ስታዙት የተበላሸውን እያነጻጸረ ከዚያ ይተካል። መጠባበቂያው ራሱ ከተበላሸ ቀድሞ መጠባበቂያውን የሚጠግነው ዲስም በሪስቶርሄልዝ ይሠራል፤ ከዚያ ኤስኤፍሲ ይደገማል። ዲስም የጎደለውን የሚያመጣው ከማይክሮሶፍት በኢንተርኔት ነው። ኔትወርክ ደካማ በሆነበት ቦታ ያላችሁ ግን አትጨነቁ። የዊንዶውስ መጫኛ ፍላሽ ካላችሁ ሶርስስ ፎልደር ውስጥ ኢንስቶል የሚባል ትልቅ ፋይል አለ። ዲስምን ሶርስ በሚለው ትእዛዝ ወደዚያ ጠቁሙት። የፍላሹ ዊንዶውስ ከተጫነው ጋር አንድ ዓይነት እትም መሆን አለበት፤ ካልሆነ እምቢ ይላል።

የጠፋው የቪሲራንታይም 140 ፋይል ከሆነ ደግሞ ጉዳዩ ሌላ ነው። ያ ከዊንዶውስ የዲስክ መጠገኛ ጋር አይገናኝም። ከውጭ የመጣው ፕሮግራም የሚፈልገው ነው። የማይክሮሶፍትን ቪዥዋል ሲ ፕላስ ፕላስ ሪዲስትሪቢዩተብል ከራሱ ከማይክሮሶፍት ገጽ አውርዳችሁ ጫኑ። 64 ቢት ዊንዶውስ ላይ ሁለቱንም፣ የ32 እና የ64 ቢቱን፣ ብትጭኑ ይሻላል።

ለጥገና ስትመጡ ማሽኑ ያሳያችሁን መልእክት በስልካችሁ ፎቶ አንሱት። የፋይሉ ስም ሙሉ በሙሉ ይታይ። ዲስኩ ቀጭ ቀጭ የሚል ድምፅ ካለው ግን ፎቶውም ይቅር፤ ወዲያው አጥፉት። ሳታበሩት ይዛችሁት ኑ።