ዛሬ ሽሮ ሜዳ ፊልም ስንቀርፅ ዋልን

ከሌሊቱ 11 ሰዓት ሹፌር ነበርኩ፣ ረፋዱ ላይ ድምፅ ቀራጭ፣ ከሰዓት መብራት ያዥ። አሁን ደግሞ ፋይል እየገለበጥኩ ነው።

የቀረፅነው አንዲት እናት ቤት ነው። የፍሪጁ ድምፅ ማይክ ውስጥ ስለገባ ነቀልነውና የመኪናዬን ቁልፍ ፍሪጁ ውስጥ ከተትኩት፤ መልሼ ሳልሰካው እንዳልሄድ። እማማ አይተው «ልጄ፣ ቁልፍም ይበላሻል እንዴ?» አሉኝ። ምክንያቱን ስነግራቸው ግንባሬን ሳሙኝ።

«ሙያሽ የትኛው ነው?» ለምትሉኝ፣ ሁሉም ነው። የፊልም ዳይሬክተሩ ፕሮፌሰር ኃይሌ ገሪማ እንኳ «ሳንኮፋ» የተባለ ፊልማቸውን (1993 እ.ኤ.አ.) አከፋፋይ ሲያጡለት ከባለቤታቸው ጋር ሲኒማ ቤት እየተከራዩ ነው ያሳዩት። በራስ አቅም ፊልም መሥራት እንዲህ ነው፤ እኔም በጣም እወደዋለሁ።

ኮፒው 62 በመቶ ደርሷል። ሁለተኛው ሃርድ ዲስክ ላይ ሳይገባ አልተኛም።